ስለ ብሪታንያ ባህላዊ ምግብና ታሪኩ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።

የብሪታንያ ባህላዊ ምግብ ሲባል ምን ምንን ያጠቃልላል?

የእንግሊዝ፣ የስኮትላንድና የዌልስ ማዕድ በዚህ ስም ይጠራል፤ ሰሜን አየርላንድም በአንድ መንግሥት ሥር በመሆኗ ምግቧ አብሮ ይቆጠራል። ምድሪቱ ቀዝቃዛ፣ ዝናባማና ሣር የማይጠፋባት ስለሆነች የምግቡ መሠረት ከብትና በግ፣ ወተት፣ ቅቤና አይብ፣ በጓሮ የሚቀለብ አሳማ፣ የባሕር ዓሣ፣ ከእህልም ስንዴ፣ ገብስና አጃ ነው። የወይራ ዘይት የሚገኝበት አገር ስላልሆነ፣ ለመጥበስም ሆነ ሊጥ ለመለወስ ለብዙ ዘመን ያገለገለው የእንስሳት ስብ ነበር። ይህን ያስተዋለ ሰው የቀረውን የብሪታንያ ወጥ ቤት ለመረዳት አይቸገርም።

እያንዳንዱ አካባቢ የሚታወቅበት ምግብ አለው። በሰሜን እንግሊዝ ላንካሻየር ሆትፖት የሚባለው፣ የበግ ሥጋና ሽንኩርት በስሱ በተቆረጠ ድንች ተሸፍኖ በዝግታ የሚበስል ምግብ አለ። በደቡብ ምዕራብ ጫፍ ያለችው ኮርንዎል የምትታወቀው በፔስቲ ነው፤ ይህም የበሬ ሥጋ፣ ድንች፣ ሽንኩርትና ስዊድ የተባለው ሥር ጥሬያቸውን በሊጥ ተጠቅልለው የሚጋገሩበት ሲሆን፣ ከ2011 ጀምሮ ስሙ በሕግ ተጠብቆ በኮርንዎል ለተሠራው ብቻ ይሰጣል። ዌልስ ካውል የተባለውን የበግ ሥጋና የሥራ ሥር ሾርባ፣ ስኮትላንድ በጢስ ከደረቀ ሃዶክ ዓሣ፣ ከድንችና ከወተት የሚሠራውን ከለን ስኪንክ፣ ሰሜን አየርላንድ ደግሞ ያለ እርሾ በቤኪንግ ሶዳና በአሬራ የሚጋገረውን ሶዳ ዳቦ ይዘዋል።

ሳንዴይ ሮስት የሚባለው የእሑድ ምሳ ምንድን ነው?

አንድ ትልቅ ብልት ሥጋ ሳይቆራረጥ እንዳለ ተጠብሶ፣ በገበታው ላይ እየተቆረጠ ለቤተሰቡ የሚታደልበት ምሳ ነው። አብረውት የተጠበሰ ድንች፣ ካሮት፣ ጎመንና ግሬቪ፣ ማለትም ከሥጋው ከወረደው ጭማቂና ከጥቂት ዱቄት የሚሠራ መረቅ ይቀርባሉ። ለበግ ሥጋ የናናና የኮምጣጤ ማባያ፣ ለአሳማ የፖም ማባያ፣ ለበሬ ደግሞ ሆርስራዲሽ የተባለው የሚሰነፍጥ ሥር ይቀርባል። ማባያዎቹን ማቀያየር እንግሊዛውያን ቤት እንደ ስሕተት ይቆጠራል።

ቀኑ እሑድ የሆነው የቤተ ክርስቲያንና የዕረፍት ቀን ስለሆነ ነው። በ19ኛው መቶ ዘመን በከተማ የሚኖሩ ብዙ ሠራተኞች በቤታቸው ምድጃ ስላልነበራቸው ሥጋቸውን ለሠፈሩ ዳቦ ጋጋሪ እየሰጡ በእርሱ ምድጃ ያስጠብሱ ነበር። ከዚያ በፊት ግን ጥብስ ማለት በብረት ዘንግ የተወጋ ሥጋ በግልጽ እሳት ፊት ቀስ ብሎ እየዞረ የሚበስልበት ሥራ ነበር። ዘንጉን ለማዞር በአንዳንድ ቤቶች በመሽከርከሪያ ውስጥ የሚሮጡ፣ ለዚሁ ሥራ የተዳቀሉ ትንንሽ ውሾች ይሠሩ እንደነበር በታሪክ ተመዝግቧል። የተዘጋው የብረት ምድጃ በየቤቱ ሲገባ ይህ ጥበብ ቀረ፤ ዛሬ ሮስት የሚባለው በእውነቱ በኦቨን የተጋገረ ሥጋ ነው። ከጥብሱ የተረፈው ደግሞ አይጣልም። የበጉ ተፈጭቶ በተደፈጠጠ ድንች ተሸፍኖ ሲጋገር ሼፐርድስ ፓይ፣ የበሬው ኮቴጅ ፓይ ይባላል።

ዮርክሻየር ፑዲንግ ስሠራ ለምን አይነሳልኝም?

ዮርክሻየር ፑዲንግ ከእሑዱ ጥብስ ጋር የሚቀርብ፣ ከቀጭን ሊጥ የሚጋገር ምግብ ነው። ካልተነሣ አብዛኛውን ጊዜ ምክንያቱ ስቡ በበቂ አለመጋሉ ነው። ሊጡ እርሾም ሆነ ቤኪንግ ፓውደር የለበትም፤ የሚያነሣው በውስጡ ያለው ውኃ በድንገት ወደ እንፋሎት ሲለወጥ ነው። እንቁላል፣ ወተትና ዱቄት በስፍር እኩል አድርጎ ከጨው ጋር ያለ ጓል መምታት፣ ቢያንስ ለ30 ደቂቃ ማሳረፍ፣ ከዚያም ኦቨኑን እስከ 220 ዲግሪ ሴልሺየስ አግሎ በየመጋገሪያ ቆርቆሮው ጥቂት ስብ ጨምሮ ጢስ ሊያወጣ እስኪቃረብ ማጋል ያስፈልጋል። ሊጡ ሲፈስበት መንጨርጨር አለበት። ለመብሰል ከ20 እስከ 25 ደቂቃ ይፈጃል፤ እስኪበስል ድረስ የኦቨኑን በር መክፈት አይገባም።

በ18ኛው መቶ ዘመን ይህ ምግብ ሥጋው በእሳቱ ፊት ሲዞር ከሥር በተቀመጠ ምጣድ ላይ የሚንጠባጠበውን ስብ እየተቀበለ ይበስል ነበር። ሃና ግላስ በ1747 ባሳተመችው የምግብ መጽሐፍ ዮርክሻየር የሚለውን ስም ይዞ ወጥቷል። በዮርክሻየር ቤቶች ከሥጋው በፊት ከግሬቪ ጋር ለብቻው የሚቀርብበት ልማድም ነበር፤ ሆድን አስቀድሞ ስለሚያስታግስ ውዱ ሥጋ ለሁሉም እንዲበቃ ያደርጋል።

ፑዲንግ ጣፋጭ ነው ወይስ የሥጋ ምግብ?

ሁለቱም ነው። ጥንት ፑዲንግ የሚባለው በታጠበ አንጀት ወይም ጨጓራ ውስጥ ደም፣ ስብና እህል ተሞልቶ የሚቀቀለው ነበር፤ ብላክ ፑዲንግ የተባለው የደም ቋሊማ እስከ ዛሬ ያንን መልክ ይዟል። አንጀት የሚገኘው ከብት ሲታረድ ብቻ በመሆኑ ምግቡም ለእርድ ወቅት የተወሰነ ነበር። በ17ኛው መቶ ዘመን ሊጡን በጨርቅ ጠቅልሎ መቀቀል ሲለመድ ግን ሁኔታው ተለወጠ፤ ዱቄት፣ ሞራና የደረቀ ፍሬ ያላት ማንኛዋም የቤት እመቤት፣ ምድጃ ባይኖራት እንኳ፣ በአንድ ድስት በማንኛውም ቀን ልትሠራው ቻለች። ለእኔ ይህ ጨርቅ በእንግሊዝ የምግብ ታሪክ ውስጥ ከማንኛውም የቤተ መንግሥት ግብዣ ይበልጣል፤ የድሃውንም የሀብታሙንም ገበታ በአንድ ዘዴ አገናኝቷልና።

ከዚህ ዘዴ የኩላሊትና የበሬ ሥጋ ፑዲንግም፣ በዘቢብ፣ በቅመማ ቅመምና በሞራ የሚሠራው የገና ፑዲንግም ተወልደዋል። ኤላይዛ አክተን በ1845 መጽሐፏ የገና ፑዲንግ በሚል ስም የአሠራሩን ዝርዝር አትማለች። በደጋ አገር ይህን ለመሥራት የሚሞክር አንባቢ አንድ ነገር ልብ ይበል፦ በአዲስ አበባ ከፍታ ውኃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ ስለሆነ፣ በእንግሊዝ 2 ሰዓት የተባለ ፑዲንግ እዚህ ከዚያ በላይ በእንፋሎት መቆየት አለበት። የድስቱ ውኃ እንዳያልቅም በየጊዜው የፈላ ውኃ መጨመር ያስፈልጋል።

የስኮትላንዱ ሃጊስ ምንድን ነው?

የበግ ልብ፣ ጉበትና ሳንባ ተቀቅሎ ከተከተፈ በኋላ ከአጃ፣ ከሞራ፣ ከሽንኩርትና ከቁንዶ በርበሬ ጋር ተለውሶ በበግ ጨጓራ ውስጥ የሚቀቀል ምግብ ነው። ዱለት የሚወድ ኢትዮጵያዊ ሐሳቡን ወዲያው ይረዳዋል፤ ልዩነቱ አጃው እርጥበቱንና ስቡን ጠጥቶ ገንፎ መሰል ልስላሴ መስጠቱ ነው። ባለቅኔው ሮበርት በርንስ በ1786 የውዳሴ ግጥም ስለጻፈለት፣ በየዓመቱ ጃንዋሪ 25 በባለቅኔው የልደት ቀን ግጥሙ እየተነበበ ይበላል።

ፊሽ ኤንድ ቺፕስ የእንግሊዞች ፈጠራ ነው?

የተጠበሰ ዓሣና የተጠበሰ ድንች አንድ ላይ መሸጡ አዎ፤ ክፍሎቹ ግን ከሌላ የመጡ ናቸው። ዓሣን በሊጥ አልብሶ በዘይት መጥበስ ከስፔንና ከፖርቱጋል ተሰደው የመጡ አይሁዶች ያስለመዱት ሲሆን፣ ለሰንበት ቀዝቅዞ እንዲበላ አስቀድመው የሚያዘጋጁት ምግብ ነበር። ድንችም ከአሜሪካ ምድር የመጣ ነው። ሁለቱን አጣምሮ በመሸጥ ቀዳሚነት የሚሰጣቸው ሁለት ሰዎች ናቸው፦ በ1860 ገደማ በምሥራቅ ለንደን ሱቅ የከፈተው አይሁዳዊው ጆሴፍ ማሊንና በ1863 በሰሜን እንግሊዝ ሞዝሊ ከተማ መሸጥ የጀመረው ጆን ሊስ። የለንደንና የሰሜን ሰዎች በዚህ ጉዳይ ዛሬም አልተስማሙም።

ምግቡን የሕዝብ ያደረገው ግን ሱቅ ብቻ ሳይሆን ባቡር ነው። በእንፋሎት የሚሠሩ የዓሣ ማጥመጃ መርከቦች ከሰሜን ባሕር የያዙትን ኮድና ሃዶክ እንደ ግሪምዝቢና ሃል ባሉ ወደቦች ሲያራግፉ፣ በበረዶ የተሞላው የባቡር ፉርጎ ከባሕር ርቀው ወደሚኖሩ የፋብሪካ ከተሞች ያደርሰው ነበር። የፋብሪካ ሴት ከሥራ ስትወጣ ትኩስ፣ ርካሽና የሚያጠግብ እራት በእጇ ይዛ ትገባለች። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ መንግሥት ይህን ምግብ ከራሽን፣ ማለትም ለየሰዉ ከተመደበው የምግብ ኮታ፣ ውጭ ያደረገው የሕዝቡን መንፈስ ለመጠበቅ አስቦ ነው።

ሻይ የእንግሊዞች መጠጥ የሆነው እንዴት ነው?

ሻይ ወደ ለንደን የገባው በ17ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ነው። በ1662 ንጉሥ ቻርልስ 2ኛን ያገባችው የፖርቱጋሏ ልዕልት ካትሪን ሻይ ጠጪ በመሆኗ በቤተ መንግሥት እንዲለመድ አድርጋለች። ለረጅም ጊዜ ግን ታክሱ ከባድ ስለነበረ ከፍተኛ መጠን ያለው ሻይ በኮንትሮባንድ ይገባ ነበር። በ1784 መንግሥት ታክሱን ከ119 በመቶ ወደ 12.5 በመቶ ሲያወርደው ኮንትሮባንዱ ትርፍ አጣ፤ ሻይም የድሃ መጠጥ ሆነ። ከሰዓት በኋላ ከኬክና ከሳንድዊች ጋር መጠጣቱ በ1840 ገደማ በቤድፎርዷ ዳቸስ አና እንደተጀመረ ይነገራል።

ስለ ሻይ ሲወራ ስኳሩን ማለፍ ተገቢ አይደለም። በ1700 ገደማ አንድ ሰው በዓመት በአማካይ 2 ኪሎ ገደማ ስኳር ይጠቀም የነበረ ሲሆን፣ በ1800 ይህ መጠን ወደ 8 ኪሎ እንዳደገ ይገመታል። ያ ስኳር የመጣው በካሪቢያን ደሴቶች በግዞት ከተወሰዱ አፍሪካውያን ጉልበት ነው። ከ1791 ጀምሮ በባርነት የተመረተ ስኳር አንበላም ብለው ያደሙ እንግሊዛውያን ቤተሰቦች ነበሩ። በግዛቶቹ ባርነትን የሚያስቀረው ሕግ የወጣው ግን በ1833 ነው። የእንግሊዝን ኬክና ፑዲንግ ታሪክ ይህን ሳያነሣ የሚተርክ ጽሑፍ ጎዶሎ ነው።

በመካከለኛው ዘመን ቅመም የሚበዛው የበሰበሰ ሥጋ ሽታ ለመሸፈን ነበር?

አልነበረም። ቅመም ከእስያ በብዙ ነጋዴዎች እጅ አልፎ የሚመጣ ውድ ዕቃ ሲሆን፣ ትኩስ ሥጋ ግን በአገሩ ይገኝ ነበር፤ ቅመም ለመግዛት አቅም ያለው ሰው የተበላሸ ሥጋ የሚበላበት ምክንያት የለውም። የተበላሸ ሥጋ የሚሸጡ ነጋዴዎችም በከተሞች በሕግ ይቀጡ ነበር።

በ1390 ገደማ የንጉሥ ሪቻርድ 2ኛ ምግብ አዘጋጆች ያጠናቀሩት በእጅ የተጻፈ ጥቅልል ዛሬም አለ። በውስጡ ዝንጅብል፣ ቀረፋ፣ ቅርንፉድ፣ ሳፍሮን፣ የጥምዝ ዘመድ የሆነው የሕንድ ረጅም ቁንዶ በርበሬ፣ እንዲሁም ከምዕራብ አፍሪካ የሚመጣው የኮረሪማ የቅርብ ዘመድ ይገኛሉ። የእንግሊዝ ምግብ ከጥንት ጀምሮ ቅመም አያውቅም የሚለው አባባል በዚህ ጥቅልል ፊት አይቆምም። የቅመሙ ብዛት የቀነሰው ከ17ኛው መቶ ዘመን ወዲህ ነው፤ ከፈረንሳይ የመጣው ፋሽን ሥጋው የራሱን ጣዕም እንዲያሰማ፣ ማባያውም በቅቤ እንዲሠራ ፈለገ፤ ቅመም በርካሽ ሲገኝም የባለጸግነት ምልክት መሆኑ ቀረ። ቅመሙ ግን ጨርሶ አልጠፋም፤ በገና ፑዲንግ፣ በደረቀ ፍሬና በቅመም በሚሞላው ትንሽ ሚንስ ፓይና በዝንጅብል ዳቦ ውስጥ ተቀምጦ ቆየ።

እንግሊዞች ይጾሙ ነበር?

አዎ፣ በጥብቅ። ከ16ኛው መቶ ዘመን የሃይማኖት ለውጥ በፊት ዓርብና ቅዳሜ፣ በብዙ ቤትም ረቡዕ፣ ከሥጋ ይጾሙ ነበር፤ በዐቢይ ጾም ደግሞ ወተትና እንቁላልም ክልክል ነበር፤ ዓሣ ይፈቀድ ነበር። የሀብታሞች ወጥ ቤት በወተት ፋንታ አልሞንድ ፈጭቶ በማጥለል የሚገኘውን ነጭ ፈሳሽ ይጠቀም ነበር። በቅበላው ማክሰኞ እንቁላሉንና ቅቤውን ለመጨረስ የሚጋገረው ፓንኬክ ዛሬም፣ መጾሙ ከቀረ በኋላ እንኳ፣ በየዓመቱ ይጋገራል።

ከለውጡ በኋላ በ1563 የንግሥት ኤልሳቤጥ 1ኛ ፓርላማ ረቡዕን ተጨማሪ የዓሣ ቀን አደረገ። ምክንያቱ ሃይማኖት አልነበረም፤ ለባሕር ኃይሉ መርከበኞችን የሚያፈራው የዓሣ ማጥመድ ሥራ እንዳይሞት ነው። ሕጉ ራሱ ዓላማው መንፈሳዊ ነው ብሎ የሚሰብክ ሰው እንዲቀጣ ያዝዝ ነበር።

የእንግሊዝ ምግብ መጥፎ ስም ያተረፈው ለምንድን ነው?

ስሙ የአንድ የተወሰነ ዘመን ውጤት ነው። ብሪታንያ ከማንም ቀድማ በኢንዱስትሪ ያደገች አገር ስትሆን፣ በ1851 የሕዝብ ቆጠራ በእንግሊዝና በዌልስ ከተሜው ከገጠሬው በልጦ ተገኘ። ከዚያ በፊት የጋራ የግጦሽ መሬቶች በአጥር ተከልለው የግል ሲሆኑ ገበሬው ላሙንና አሳማውን አጣ፤ ወደ ከተማ ሲፈልስ ደግሞ ጓሮውንና ከእናት ወደ ልጅ የሚተላለፈውን ሙያ ከኋላው ተወ። በፋብሪካ 12 ሰዓት ውላ የምትመለስ እናት በአንድ ክፍል ቤት የምታበስለው ዳቦ፣ ሻይና ድንች ነበር። ፈረንሳይና ጣሊያን ገበሬያቸውን ለተጨማሪ መቶ ዓመት ይዘው በመቆየታቸው የገጠር ምግባቸው ሳይቋረጥ ወደ ዘመናዊው ጊዜ ተሻገረ።

የመካከለኛው መደብ ቤቶችም የራሳቸው ጥፋት አለባቸው። ኢዛቤላ ቢተን በ1861 ባሳተመችው ታዋቂ መጽሐፍ ትላልቅ ካሮቶች ከ1 ሰዓት ከ45 ደቂቃ እስከ 2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ እንዲቀቀሉ ትመክራለች፤ አትክልት በደንብ ካልበሰለ ሆድ ያውካል ተብሎ ይታመን ነበርና። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የቤት ሠራተኞች ቁጥር ሲመናመን፣ ወጥ ቤት ገብተው የማያውቁ እመቤቶች ያለ ልምድ ማብሰል ጀመሩ። የመጨረሻው ትልቅ ምት ግን ራሽን ነው።

በራሽን ዘመን ሰዎች ምን ይበሉ ነበር?

ራሽን የጀመረው ጃንዋሪ 8 ቀን 1940 በቤከን (በጨው በታሸ የአሳማ ሥጋ)፣ በቅቤና በስኳር ሲሆን፣ ያበቃው ሥጋ ነጻ በሆነበት በጁላይ 4 ቀን 1954 ነው። መጠኑ ከጊዜ ጊዜ ቢለዋወጥም፣ በተለመደው ጊዜ አንድ ዐዋቂ ሰው በሳምንት የሚደርሰው ቅቤ 57 ግራም፣ ሻይ 57 ግራም፣ ቤከን 113 ግራም፣ ስኳር 227 ግራምና አንድ እንቁላል ነበር። ዳቦ በጦርነቱ ጊዜ ሳይሆን ከጦርነቱ በኋላ፣ ከ1946 እስከ 1948፣ በራሽን ተሸጧል። የምግብ ሚኒስትሩ ሎርድ ዉልተን ሕዝቡ ድንችና ካሮት እንዲበላ አጥብቆ ይቀሰቅስ ነበር፤ በስሙ የተጠራው ያለ ሥጋ የሚሠራ የአትክልት ፓይ የሳቮይ ሆቴል ዋና ምግብ አዘጋጅ የነበረው ፍራንሲስ ላትሪ ያዘጋጀው ነው።

ሥርዓቱ በአንድ በኩል ፍትሐዊ ነበር፤ ብዙ ድሆች ከቀድሞው የተሻለ የተመጣጠነ ምግብ አግኝተዋል። በሌላ በኩል ግን ብዙ ጥፋት አስከትሏል። አብዛኛው ወተት ቼዳር የተባለ አንድ ወጥ የመንግሥት አይብ ወደሚሠራበት ስለሄደ፣ በየገበሬው ቤት ይሠሩ የነበሩ የአይብ ዓይነቶች ተቋረጡ፤ አንዳንዶቹም አልተመለሱም። በ14 ዓመት ውስጥ ያደገ ልጅ ቅቤ የጠገበ ኬክ ወይም በደንብ የተጠበሰ ብልት ሥጋ እምብዛም ሳያውቅ ለአቅመ ማብሰል ደረሰ። የውጭ ጎብኚዎች ቀምሰው የፈረዱበት ይህን የተጎዳ ማዕድ ነው፤ ፍርዱም እስከ ዛሬ ይደጋገማል። ባህሉን ለማዳን የሠሩም ነበሩ፦ ፍሎረንስ ኋይት በ1928 የሕዝቡን ምግብ የሚመዘግብ ማኅበር አቋቁማ ከየመንደሩ ስትሰበስብ ኖራለች፤ ፈርገስ ሄንደርሰን ደግሞ በ1994 በለንደን በከፈተው ሴንት ጆን በተሰኘው ምግብ ቤት መቅኔን፣ ኩላሊትንና ምላስን ወደ ክብራቸው መልሷል።

ቺክን ቲካ ማሳላ እንዴት የብሪታንያ ምግብ ይባላል?

ቺክን ቲካ ማሳላ የተጠበሰ የዶሮ ሥጋ ቁራጭ ቅመም ባለበት መረቅ የሚቀርብበት ምግብ ነው። የሕንድ ምግብ ወደ ብሪታንያ የገባው በቅርቡ አይደለም። የሃና ግላስ የ1747 መጽሐፍ በቁንዶ በርበሬና በድንብላል የሚሠራ ካሪ ይዟል። በ1810 ደግሞ ሼክ ዲን ማሆመድ የተባለ ሕንዳዊ በለንደን የሕንድ ምግብ ቤት ከፍቶ ነበር። ከ20ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ በኋላ በብዙ ከተማ የተከፈቱት የሕንድ የሚባሉ ምግብ ቤቶች አብዛኞቹ ባለቤቶቻቸው በዛሬዋ ባንግላዴሽ ካለችው ከሲልሄት የመጡ ስደተኞች ናቸው።

የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ሮቢን ኩክ በ2001 ባደረገው ንግግር ቲካ ማሳላን እውነተኛ የብሪታንያ ብሔራዊ ምግብ ብሎታል፤ ቲካው የሕንድ ሲሆን መረቁ የተጨመረው ሥጋን ከግሬቪ ጋር መብላት የለመደውን ብሪታንያዊ ለማርካት ነው ሲል አስረድቷል። አንዳንዶች ይህን የቀማኛ አነጋገር አድርገው ያዩታል። እኔ ግን አባባሉ ልክ ነው ብዬ አምናለሁ፣ ባለሙያዎቹ እነማን እንደሆኑ እስካልተረሳ ድረስ። አይሁዳዊው የጠበሰው ዓሣ የእንግሊዝ ከሆነ፣ የሲልሄቱ ሰው ለእንግሊዝ ጎረቤቶቹ የሠራው ዶሮ የእንግሊዝ የማይሆንበት ምክንያት የለም።

አሳማ ወይም ደም የማይበላ፣ ወይም የሚጾም ሰው ከዚህ ማዕድ ምን መጠንቀቅ አለበት?

በብሪታንያ ከሚኖሩ ወገኖች የሚቀርበው ይህ ጥያቄ መልሱ በስብ ላይ ያርፋል። የፓይና የፔስቲ ሊጥ ብዙ ጊዜ በአሳማ ስብ ይለወሳል፤ ስለዚህ በውስጡ ያለው የበሬ ሥጋ ቢሆንም ሊጡን መጠየቅ ያስፈልጋል። ብላክ ፑዲንግ በአብዛኛው የአሳማ ደም ነው፤ በሙሉ የእንግሊዝ ቁርስ ሳህን ላይ ከቤከንና ከአሳማ ቋሊማ ጋር ይቀርባል። እንቁላሉ፣ እንጉዳዩና ቲማቲሙም በዚያው መጥበሻ በወጣው ስብ የሚጠበሱበት ቤት አለ።

ለጾመኛ ደግሞ አትክልት መሳዩ ሁሉ የጾም አይደለም። በዮርክሻየርና በብዙ የሰሜን ሱቆች ቺፕስ የሚጠበሰው በበሬ ስብ ነው። የገና ፑዲንግና ሚንስ ፓይ በልማድ ሞራ አለባቸው፤ አሁን በአትክልት ስብ የተሠሩ በየሱፐርማርኬቱ ይገኛሉ፤ ነገር ግን የሚንስ ፓይ ሊጥ ቅቤ ሊኖርበት ስለሚችል የማሸጊያው ጽሑፍ ይነበብ። በስቅለት ቀን የሚበላው መስቀል የተሰመረበት ሆት ክሮስ በን፣ ስሙና ቀኑ የጾም ቢያስመስሉትም፣ አብዛኛውን ጊዜ ወተትና ቅቤ አለበት። በውኃ ብቻ የተሠራ የአጃ ገንፎ፣ ያለ ቅቤ የተደፈጠጠው የደረቀ አተርና በአትክልት ዘይት የተጠበሰ ድንች ግን ያለ ስጋት የሚበሉ የቆዩ ምግቦች ናቸው።